ዓርብን የማያውቅ ድምፅ

ተይሲር ቁርኣን እያዳመጠች ነው ብለው ሴቶቹ ተስማምተዋል።

«ማሻ አላህ» አለች የፉል ድስት ይዛ የገባችው ጎረቤት በሹክሹክታ፤ ሹክሹክታዋ ግን ግቢውን ከዳር እስከ ዳር የሚያዳርስ ዓይነት ነው። «እንባዋን ዋጥ አድርጋ አላህን ይዛለች። ልጅ ማለት እንዲህ ነው።»

ተይሲር ሰማቻት። ነጭ ቶቧን፣ የሱዳን ሴቶች የሚከናነቡትን ሰፊ ኩታ፣ ግንባሯ ድረስ ስባ ምንጣፉ ጥግ ላይ ተቀምጣለች። የጆሮ ማዳመጫው ሽቦ ከጆሮዋ ተነስቶ በአንገቷ በኩል፣ በቶቡ ሥር ለሥር ይወርድና እቅፏ ውስጥ የተሸሸገ ስልክ ላይ ያልቃል። በሽቦው የሚመጣላት ግን ቁርኣን አይደለም። ኪሲር ነው፤ አምስት ክር ያለው የኑቢያ ክራር። የሚደረድረውም ትናንት ከሰዓት በኋላ አፈር ያለበሱት አባቷ፣ ኡስታዝ ፈክሪ ነው።

ይህን ቢያውቁ ጉድ ይፈላ ነበር። በኦምዱርማን ሰው ሲሞት ከሁሉ ቀድሞ ዝም የሚለው ሙዚቃ ነው። ማንም ሳያዛቸው የማዕዘኑ ባለ ሱቅ ሬዲዮኑን ዘጋ፣ የቤቱ ቴሌቪዥን የአልጋ ልብስ ለበሰ፣ አጥር የምትጋራቸው ሙሽራ ሠርጓ ተላለፈ። ምስኪኗ ሙሽራ የእጇ ሒና ገና ሳይደበዝዝ እዚሁ ግቢ ቁጢጥ ብላ የለቀስተኛ የሻይ ብርጭቆ ታጥባለች። ፊቷን ያየ እንግዳ ሟቹ የእሷ አባት ይመስለዋል። የሟች እናት፣ አያቷ ሐቦባ ሻያ ደግሞ አስከሬኑ ከግቢ ሳይወጣ ወደ ልጃቸው ክፍል ገብተው፣ ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን ኪሲር ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙረውታል። የለቅሶው ምንጣፍ እስኪነሳ ድረስ በዚህ ቤት የክር ድምፅ እንዳይሰማ ብለዋል። ሐቦባ ሻያ ያሉትን ሁለት ጊዜ አይሉም።

ይህን ሁሉ እያወቀች ሽቦ ቶቧ ሥር የቀበረችው በሙጅታባ የተነሳ ነው።

ሙጅታባ የዘጋቢ ፊልም ሠሪ ነው፤ መነጽሩ ሁልጊዜ ወደ አፍንጫው ጫፍ የሚንሸራተት፣ ፈሪ ይሁን ትሑት ያልለየለት ሰው። ዛሬ ጠዋት ወንዶቹ ከተቀመጡበት የመንገድ ድንኳን ገብቶ፣ መዳፎቹን አንስቶ ለሟች የሚነበበውን ፋቲሓ ቀርቶ፣ የእውነት አለቀሰ። ዓይኑን ሲጠርግ ቆይቶ ሙሽራዋን ልኮ ተይሲርን ወደ አጥሩ በር አስጠራት። ነገሩ አጭር ነበር። አባቷ ሙዚቃውን ሲሠራለት የነበረው ፊልም በሳምንቱ መጨረሻ መጀመሪያ ኮያንዲ ላይ፣ ፊልሙ በተቀረጸበት መንደር፣ ለመንደርተኛው ይታያል። ከዚያ ለኮሚቴው ነው። ኮሚቴው ደግሞ የወርቅ ወፍጮው ከመንደሩ ይነሳ ወይስ ይቆይ የሚለውን የሚወስነው ነው። ሁሉም ተጠናቋል፤ የመጨረሻው ትዕይንት ሲቀር።

«ኡስታዝ ጅምር ትተውት ነው የሄዱት» አላት ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «ትንሽ ክር፣ ከዚያ ባዶ። ትንሽ ክር፣ ከዚያ ባዶ። ያ በፊልሙ ሁሉ ከሥር የሚሄደው ጉርምርምታም የለበትም። እንዲህ ይዤው ብሄድ በሥራቸው የሞቱ ሳይሆን ሥራቸው የሞተባቸው ነው የሚመስለው። ምንጣፉ እስኪነሳ ካልደረሰ የተገዛ ቫዮሊን አለኝ፤ እሱን እተካለሁ።»

«ምን ዓይነት ቫዮሊን?»

«ሐዘንተኛ ነው። ያምራል።»

«ለሠርግህ አስቀምጠው» አለችው። «እኔ እጨርሰዋለሁ።»

ስትለው ገና አባቷ ከተቀበረ ቀን አልሞላውም። አፏ እንዲህ ነው፤ ከእሷ ቀድሞ ይሄዳል። ግን የተናገረችው ከንዴት ብቻ አልነበረም። ትምህርት ቤት ካቆመች ጀምሮ የአባቷን ላፕቶፕ የምታሽከረክረው እሷ ናት። ማንም አላስተማራትም። እያበላሸች፣ ያበላሸችውን እሱ ሳያውቅ እያቃናች ነው የለመደችው። እሱ ይደረድራል፣ እሷ ትቀርጻለች፣ ትቆርጣለች፣ ትደራርባለች፤ አንዳንዴም የጎደለውን ቃና ከጆሮዋ አውጥታ ትጨምርና እሱ «ይሄን እኔ ነኝ የተጫወትኩት?» ሲላት ዝም ትላለች። ፊልሙ ሲያልቅ ስሞቹ ከታች ወደ ላይ ሲወጡ «ሙዚቃ» የሚለው ሥር የሱ ስም ብቻ ነው። የእሷ ከሾፌሩና ከምግብ አብሳዩ ጋር «ምስጋና» ውስጥ ይመጣል፤ ያውም አብዛኛው ሰው ከወንበሩ ከተነሳ በኋላ። የዚህ ፊልም መጨረሻ ግን የእሷ ይሆናል። አባቷ በጅምር አይታማም፣ እሷም ከምግብ አብሳዩ ሥር አትገኝም።

ምንጣፉ ላይ ለቀስተኛ በገባ ቁጥር መዳፎች ይነሳሉ፣ ፋቲሓ ይነበባል፣ ትንሽ ይለቀሳል፣ ከዚያ ቀይ ሻይ ይመጣል። ሻዩ ሲመጣ ወሬው ይከተላል። የወሬው ባለቤት የሟች እህት ሰዕዲያ ናት።

«ዓይኗ ደረቅ ነው» ትላለች ወደ ተይሲር በአገጯ እያመለከተች። «ቁርኣኑ መልካም፤ ግን እንባም የአላህ ነው። የታመቀ እንባ ኋላ ጉበት ላይ ይወርዳል።»

«ተያት» አሉ ሐቦባ ሻያ። የተቀመጡት ከምንጣፉ መሀል ነው፤ ጠባብ ትከሻቸው ላይ ቶቡ ከሰው ይልቅ ሚስማር ላይ የተሰቀለ ይመስላል። «አባቷም እንዲሁ ነበር። የሚያመው ነገር ካለ በእጁ ነው የሚናገረው።»

ሴቶቹ ጠጋ ጠጋ አሉ። ሐቦባ ስለ ልጃቸው ሲያወሩ ይህ የመጀመሪያቸው ነው።

ፈክሪ ትንሽ ሆኖ ኮያንዲ ሳሉ፣ አሉ፣ ከዘይት ቆርቆሮና ከሞተ ብስክሌት ሽቦ ኪሲር የሚመስል ነገር ሠራ። ድምፁ በር የተዘጋባት ፍየል የምትጮኸው ዓይነት ነው። ጎረቤቱ ሁሉ አማረረ። እሳቸው ግን ሊጥ እያቦኩም ቢሆን እጃቸውን ጠረግ አድርገው ያጨበጭቡለት ነበር፤ በእኛ አገር ክር ያለ አጨብጫቢ እጅ ምን ያደርጋል። ሥራ ይዟቸው ካላጨበጨቡ ልጁ ጣቱን ክሩ ላይ እንዳነሳ ያቆማል። አይቀጥልም።

«ይጠብቀኝ ነበር» አሉ ሐቦባ። «እጄ እስኪመጣ ይጠብቀኝ ነበር።»

ሙሽራዋ ብርጭቆ ማጠቧን አቆመች። ሰዕዲያ አልቻለችም፣ ጮክ ብላ አለቀሰች፤ ሌሎቹም ተከተሏት። ተይሲር በዚያ ሁሉ ለቅሶ መሀል ስልኩን አጠፋችው። አባቷ ባይኖርም ሕጉን ታውቃለች፤ ከለቅሶ ሥር ሙዚቃ አይደረግም።

ይህን ሕግ ያወጣው እሱ ነው። አንድ ጊዜ በጡብ ማቃጠያ ቦታ ልጇ የተቃጠለባት እናት የምታለቅስበትን ትዕይንት ሙጅታባ አምጥቶ፣ «ኡስታዝ፣ ከሥሩ ትንሽ ነገር ያድርጉልኝ፣ ሰዉ እንዲሰማው» ብሎ ለመነው። አባቷ ፊልሙን አየው። ሲጨርስ ኪሲሩን ግድግዳው ላይ ሰቀለው።

«ይቺ ሴት ዜማ አልቸገራትም» አለው። «የቸገራትን ጠይቃት።»

ደግሞም አባቷ ለፊልም ሙዚቃ ሲሠራ መጀመሪያ ፊልሙን አያይም። ቦታውን ነው የሚሄድበት። ድምፅ መቅረጫውን መሬት ላይ አስቀምጦ፣ እግሩን አጥፎ፣ ሻይ እየለመነ ይቀመጣል። ለእሱ እያንዳንዱ ቦታ ሳያቋርጥ የሚያዜመው አንድ ድምፅ አለው። የወደቡ ሌላ፣ የጡብ ማቃጠያው ሌላ፣ የገበያው ሌላ። ያን ድምፅ ይዞ ይመለስና ኪሲሩን በእሱ ይቃኛል። የሰዎቹ በደል በገዛ ቤታቸው ቃና ካልተነገረ ወሬ ነው የሚሆነው ይል ነበር። ሰው ያሾፍበታል፤ ተይሲርም አሹፋበታለች። ነገር ግን ፊልሞቹ በተቀረጹባቸው ቦታዎች ሲታዩ፣ ሰዎቹ ምክንያቱን ሳያውቁት ወንበራቸው ላይ ቀጥ ብለው ሲቀመጡ በዓይኗ አይታለች።

ኮያንዲ ሲደርስ ግን ብዙ መቀመጥ አላስፈለገውም። የተወለደበት ነው። ከዓባይ ውኃ የሚስበው ፓምፕ ከዳር ሆኖ ቀን ሙሉ ያጉረመርማል፤ መንደሩ በእሱ ድምፅ ነው የሚነቃው። «ይሄንንማ በእናቴ ወተት ነው የማውቀው» ብሎ መቅረጫውን ከተምር ዛፎቹ ሥር አስቀመጠ፣ ድምፁን ያዘ፣ ተመለሰ። ዛፎቹ ከአናታቸው ጀምረው እየደረቁ ነበር። ወርቅ የሚያጥበው ወፍጮ መርዝ ያለበትን ጭቃ የሚደፋው ከእነሱ ጀርባ ነው። የፊልሙ ሙዚቃ ከመጀመሪያ እስከ ማብቂያው ዋዜማ በዚያ ጉርምርምታ ላይ ተዘረጋ።

ከምሳ በኋላ ሴቶቹ ምንጣፉ ላይ ጋደም ጋደም ሲሉ ተይሲር ወደ አባቷ ክፍል ገባች። ኪሲሩ ጀርባውን ሰጥቷታል። ላፕቶፑን ከፈተች፣ ማዳመጫውን ሰካች። ዕቅዷ ቀላል ነው፤ ጉርምርምታውን ከጥሬው ድምፅ ቆርጣ የመጨረሻው ትዕይንት ሥር ታነጥፋለች፣ ከዚያ ባዶዎቹን ቦታዎች በራሷ ዜማ ትሞላለች።

ጥሬውን ድምፅ ከፈተች። መጀመሪያ ንፋስ። የደረቀ የተምር ቅጠል እርስ በርሱ ሲፋተግ። ፍየል። ከሥር ጉርምርምታው፣ ዝቅ ያለ፣ ትንፋሽ የማይወስድ። ንጹሕ ቁራጭ እየፈለገች ወደፊት ሄደች። ከሩቅ የመስጊድ ድምፅ ማጉያ መጣ። አዛን መስሏት ልታልፈው ስትል ሰውየው ቀጠለ፤ ቃሉ ባይሰማም አወራሩ ይታወቃል። አንድ ሰው ብቻውን፣ ረጅም፣ እየወጣ እየወረደ። ኹጥባ ነው፣ የጁምዓው ስብከት። ዓርብ ነው።

እጇን ከላፕቶፑ ላይ አነሳች።

ልጅ ሳለች ክረምቱን ኮያንዲ ከሐቦባ ጋር ታሳልፍ ነበር። እዚያ ዓርብን የሚያሳውቀው ዝምታ ነው። የፓምፑ ጌታ ከኹጥባው በፊት ያጠፋዋል፤ ድንገት ጆሮ ጭው ይላል፣ ልጆቹም በቦዩ የቀረችውን የመጨረሻ ውኃ ተከትለው ትናንሽ ዓሣ ሊይዙ ይሮጣሉ። ማንም ሞተር ኢማሙ ላይ አይጮህም። እዚህ ቅጂ ላይ ግን ጉርምርምታው ከኹጥባው ሥር ከቢስሚላው እስከ አሚን ድረስ ዝንፍ ሳይል ይሄዳል። ኮያንዲ ውስጥ ዓርብን የማያውቅ ሞተር አንድ ብቻ ነው። ወፍጮው።

ማዳመጫውን አውልቃ ተቀመጠች። አባቷ፣ ከሰው ሁሉ እሱ፣ የወፍጮውን ድምፅ ወስዶ የመንደሩ ድምፅ ነው ብሎ ኪሲሩን ቃኘበት። በወፍጮው ላይ የሚመሰክረው ፊልም በወፍጮው ቃና ነው የሚዘፍነው። እንግዳ ቢሆን ኖሮ ይጠይቅ ነበር፣ ፓምፑ ድረስ ሄዶ ቆሞ ያይ ነበር። አገሬ ነው ብሎ አልጠየቀም። ዕድሜውን ኦምዱርማን ጨርሶ፣ አንድ ጉርምርምታ ከተምር ዛፎች በኩል ሲሰማ ልቡ የፈለገውን ሰማ።

ከዚያ ያ የቁርስ ጠዋት ትዝ አላት። ከመሞቱ ጥቂት ሳምንታት በፊት ነው። አባቷ ቂጣውን በፉሉ እያጠቀሰ እናቱን ጠየቀ፤ ፓምፑ እንደ ድሮው ዓርብ ዓርብ ይቆማል ወይ አላቸው። ሐቦባ ሳቁ። «ታዲያ ማን ደፍሮ ያስነሳዋል? ኢማሙ ሰፈር ያስለቅቀዋል እኮ» አሉት። አባቷ ቂጣውን መልሶ ትሪው ላይ አኖረና ተነስቶ ወደ ክፍሉ ገባ። ተይሲር የሽማግሌ ነገር ነው ብላ የተረፈውን በላችለት።

አውቆ ነበር ማለት ነው።

የመጨረሻውን ትዕይንት ፋይል እንደገና ከፈተች፤ አሁን በሌላ ዓይን። ጉርምርምታው መጀመሪያ እዚያ ነበረ። አባቷ ራሱ፣ በእነዚያ ማውሱን እንኳ በቅጡ መያዝ በማይችሉ ጣቶቹ፣ ቆርጦ አውጥቶታል፤ የተቆረጠበት ጠርዝ የልጅ እጅ በመቀስ የቆረጠው ይመስላል። እሷን አልጠራትም። የቀረውን የፊልሙን ክፍል ግን አልነካውም። ቀን አጥቶ ነው? ወይስ ሆን ብሎ? የሚጠየቀው ሰው የለም።

በማግስቱ ሙጅታባ እንደገና መጥቶ ድንኳኑ ውስጥ ተቀምጦ ነበር። ወደ በሩ አስጠርታ ነገረችው። መነጽሩ ወረደ፣ አላነሳውም። መጀመሪያ ማንም አይለየውም አለ። እሷም የምትለው ነበራት፤ ኮያንዲ ይለየዋል፣ በዚያ ድምፅ እንቅልፍ ያጡ ሰዎች ናቸው አለችው። ሁሉን አውጥተን እንሥራ እንዳይል ጊዜ የለም። አጥሩን ተደገፈ።

«ፊልሙን ሙሉ ወፍጮው በላያቸው ላይ ነው ማለት ነው» አለ በመጨረሻ፣ ቀስ ብሎ፣ ለራሱ ይመስል። «ልክ እንደ ኑሯቸው። መጨረሻ ላይ ብቻ ይነሳላቸዋል።»

ተይሲር ቀና ብላ አየችው። ሙጅታባ ብልህ ነገር ሲናገር የሰማችው ብዙ ጊዜ አይደለም፣ እሷም ይህን ከመናገር አትመለስም።

«መነጽርህ ሲወርድ ይሻልሃል» አለችው።

«ግን እኮ፣ ተይሲር፣ ጉርምርምታው ከወጣ ባዶዎቹ ይብስ ያፈጣሉ። ጥርሱ የረገፈ አፍ ነው የሚመስለው። ሙዪው፤ አለበለዚያ ቫዮሊኑ ነው።»

ሞላችው። ሴቶቹ ሲጋደሙ፣ ሰዕዲያ ስታንኮራፋ፣ እሷ ማዳመጫዋን አጥልቃ እያንዳንዱን ባዶ ቦታ አንድ በአንድ ሞላችው። ከአባቷ የቆዩ ቅጂዎች ክር እየመዘዘች፣ እየገለበጠች፣ እያቀጠነች። ጥሩ ነበር። እሷ ራሷ ታውቀዋለች፤ ለራሷ የማትዋሽበት ነገር ቢኖር ይህ ነው። የአባቷ ሐረግ ሲያቆም የእሷ ይነሳል፣ የእሷ ሲወርድ የእሱ ይቀበላል። ከስሞቹ መሀል የሷ ስም የሚገባበት ቦታ ታያት፣ «ሙዚቃ» ከሚለው ሥር፣ ከሱ አጠገብ።

ምንጣፉ የሚነሳበት ቀን ከሰዓት በኋላ ወንዶቹ የመጨረሻውን ፋቲሓ ቀርተው ወንበር መደራረብ ጀምረው ነበር። ሙጅታባ ድንኳኑ ምሰሶ ሥር ቆሞ ይጠብቃል። ተይሲር ፍላሹን ሰክታ ሥራዋን ለመጨረሻ ጊዜ እያዳመጠች ሳለ ክፍሉ ጨለም ያለባት መሰላት። ቀና አለች። ሐቦባ ሻያ በሩ ላይ ቆመዋል።

ማዳመጫውን ለመንቀል ጊዜ አልነበራትም። አልሞከረችምም።

«ቁርኣን ነው ያሉኝ» አሉ ሐቦባ።

«አይደለም ሐቦባ።»

«አውቃለሁ። ከመጀመሪያው ቀን አውቄያለሁ። ቁርኣን የሚሰማ ሰው ጣቱ ጉልበቱ ላይ አይጨፍርም።» ገቡና ዓንገሬቡ ላይ፣ የልጃቸው አልጋ ላይ፣ አጠገቧ ተቀመጡ። የገመዱ መረብ ድምፅ እንኳ አላሰማም፤ ያን ያህል ቀለዋል። የላፕቶፑ መስታወት ላይ የኮያንዲ ተምሮች አናታቸው ደርቆ ቆመዋል። ሐቦባ ዓይናቸውን ጠበብ አድርገው አዩአቸው፣ አንዱን ዛፍ ያወቁት መሰሉ። ከዚያ እጃቸው ወደ ሽቦው ሄደ።

«እሱ ነው?»

«እሱ ነው።»

«አምጪ።»

«ሐቦባ፣ የክር ድምፅ እንዳይሰማ ያሉት እርስዎ እኮ...»

«ቤቱ አይሰማም። እኔ ነኝ የምሰማው። አምጪ ነው የምልሽ።»

ተይሲር ማዳመጫውን በእጇ ጆሯቸው ላይ አደረገችላቸው፤ ጆሯቸው ቀዝቃዛ ነበር። ያጫወተችላቸው የራሷን ነው፣ ሞልታ የጨረሰችውን። ፊታቸውን ታያለች። ሐቦባ አንገታቸውን ዘንበል አድርገው እንደ እንግዳ፣ በአክብሮት ሰሙ። ሲያልቅ ራሳቸውን ነቀነቁ።

«ያምራል» አሉ። ጥቂት አሰቡ። «ይቺ ነገሩን የምታቋርጠው ግን ማን ናት?»

ሌላ ሰው ቢላት ኖሮ አፏ ዝግጁ ነበር።

«እኔ ነኝ» አለች።

«አንቺ ነሽ» አሉ ሐቦባ፣ እንደ ወቀሳም እንደ ማባበልም ሳይሆን፣ ስሟን እንደ መዘገበ ሰው። «እስኪ ብቻውን ተዪው።»

የራሷን ትራክ ዘጋችውና እንደገና ከመጀመሪያው አስነሳችው። አባቷ ብቻውን። ትንሽ ክር፣ ከዚያ ባዶ። ለእሷ አይሰማትም፤ መስታወቱ ላይ የድምፁን መስመር ብቻ ነው የምታየው። ኮረብታ፣ ከዚያ ሜዳ። ኮረብታው አለቀ፣ መስመሩ ወደ ሜዳው ገባ፣ የሐቦባ ቀኝ እጅ ጭናቸው ላይ ወደቀች። አንዴ፣ ከዚያ ቶሎ ሁለቴ። ኮረብታ። ሜዳ፣ እንደገና እጃቸው፣ አንዴ፣ ከዚያ ቶሎ ሁለቴ። አስበው አልነበረም የሚያጨበጭቡት፤ እጃቸው ከእሳቸው ቀድሞ ያውቀዋል። ባዶ የተባለው ቦታ ሁሉ ልኩ የዚያች እጅ ልክ ነበር። አንዱም አልጠበበም፣ አንዱም አልሰፋም።

ተይሲር ሁሉን በሐሳቧ አየችው። ኮያንዲ አደባባይ ላይ የተዘረጋውን ነጭ ሸራ፣ ከፊቱ የተቀመጡትን ሴቶች፤ ወፍጮው ከላያቸው ሲነሳና ኪሲሩ ብቻውን ሲቀር፣ ከዚያ ኪሲሩም ሲያቆምና ሲጠብቅ። የሚያጨበጭብ እጅ ይዘው የማይመጡ የኮያንዲ ሴቶች የሉም።

ሐቦባ ማዳመጫውን አላወለቁም። ዓይናቸው መስታወቱ ላይ ነው፣ ግን ተምሮቹን የሚያዩ አይመስሉም።

ሙጅታባ ከውጭ ተጣራ፤ መኪናው እየጠበቀው መሆኑን ነው የሚለው። ተይሲር የራሷን ትራክ መረጠች። ለአንድ አፍታ ጣቷ አየር ላይ ቆየ፤ ጥሩ ነበር፣ እውነትም ጥሩ ነበር። አጠፋችው። የቀረውን ፍላሹ ላይ ገልብጣ ነቀለችና ሙሽራዋን ጠራቻት። ሙሽራዋ እጇን በቀሚሷ እየጠረገች መጣች።

«ይሄን ለሙጅታባ ስጪልኝ። አንድም ነገር እንዳይጨምርበት በዪው። ቫዮሊኑንም ለሠርጉ ያቆየው።»

«ውይ» አለች ሙሽራዋ፤ ፊቷ ከሐዘኑ ቀን ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ፈታ አለ። «የሱም ተላለፈበት?»

ወጣች። ግቢው ውስጥ ምንጣፉ ሲራገፍ ይሰማል፤ ሰዕዲያ አቧራውን ወደ ሌላ አራግፉ እያለች ትቆጣለች። ተይሲር ላፕቶፑን ልትዘጋ ስትል ሐቦባ እጇን ያዙዋት። አንዱን ማዳመጫ ከጆሯቸው አውጥተው ሰጧት።

«ድገሚልኝ» አሉ።

ሽቦው አጭር ስለነበር ራስ ለራስ ተጠጉ። የአባቷ ክር ጀመረ፤ ወፍጮ የሌለበት፣ ፓምፕም የሌለበት፣ እሱ ብቻ። ከዚያ አቆመ። የሐቦባ እጅ ተነሳች፣ ግን በዚህኛው አልወረደችም፤ አየር ላይ ቀረች። ተይሲር ፋቲሓ እንደሚቀራ ሰው መዳፏን ገልብጣ ከሥሯ አደረገችላት። የአሮጊቷ እጅ እዚያ ላይ አረፈች፣ አንዴ፣ ከዚያ ቶሎ ሁለቴ፣ ቤቱ እንዳይሰማ በቀስታ።